ወንድሜ ድምፁን ሲያስተምር

ሰው ሁሉ መንገድ ላይ እያስቆመ «እንኳን ደስ አላችሁ፤ ፊልም ውስጥ ገባችሁ አሉ» ሲለኝ ጥርሴን አሳየዋለሁ እንጂ፣ ደስታው የት እንዳለ ለራሴም አልታየኝም። ፊልም ውስጥ የገባነው በሩ ወለል ብሎ ስለተከፈተልን አይደለም፤ ሌላው በር ሁሉ ስለተዘጋብን ነው። የቸገረው እርጉዝ ያገባል ይባል የለ? እኛም ያገባነው እንደዚያ ነው።

ባንዱ ሦስት ሰው ነው። ወንድሜ ጊታር ይጫወታል፣ ይዘፍናል። ይዘፍን ነበር ልበል እንጂ። ሽቦ ቤዝ ጊታር ይጫወታል፤ ሽቦ ያልነው ስለቀጠነ ብቻ አይደለም፣ የተበላሸ ማጉያ ሁሉ ሆዱን ከፍቶ ሲቀጣጥል ስለሚውል ነው። እኔ ድራም እመታለሁ። እናታችን «ሴት ልጅ ሰጠኝ ብዬ ደስ ሲለኝ ቤቱን በዱላ የምታናጋ ሆና ቁጭ» እያለች ነው ያሳደገችኝ። የምንጫወተው ሩትስ ሮክ የሚሉትን ነው፤ የድሮ ሰዎች ሥራ ላይ ሆነው የሚያንጎራጉሩትን ዓይነት ዜማ በኤሌክትሪክ ጊታርና በድራም። አሳታሚ የለን፣ ሥራ አስኪያጅ የለን። አልበማችንን ራሳችን ቀድተን፣ ራሳችን በፌስታል ይዘን የምንዞር ሰዎች ነን። ብዙ ሰው አያውቀንም። የሚያውቀን ግን በወንድሜ ድምፅ ነው የሚያውቀን።

ስለዚያ ድምፅ ልንገራችሁ። ዝቅ ሲል ሻከር ይላል፣ ከፍ ሲል ይጠራል። ታናሽ እህቱ ስለሆንኩ አይደለም እንደዚህ የምለው፤ እኔ ወንድሜን በሌላ በሌላው ስሰድበው ነው የምውለው። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም እንደሚሉት፣ እሱ ሲዘፍን ምንም ጨምሮበት አያውቅም፤ ያለው ይወጣል፣ ያ ይበቃል።

ከዚያ አንገቱ ላይ እንቅርት ወጣበት። አደገና መተንፈስ ሲከለክለው ሐኪሞቹ አወጡለት። ሲያወጡት ለድምፅ የሚሆነው ጅማት ተነካ። ማንንም አልወቅስም፤ ሊሆን ይችላል ብለው አስቀድመው ነግረውታል። ሰው በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ ይላል፤ የእሱ ደግሞ እንቅርቱ ሄዶ ጆሮ ደግፉ ቀረ። ነቅቶ ውሃ ሲጠይቀን የወጣው ድምፅ ዘይት ያልነካው የበር ማጠፊያ ይመስል ነበር። ጊዜ ስጡት አሉን። ጊዜ ሰጠነው። ጊዜም ተቀብሎን ዝም አለ።

እናታችን ጠዋት ጠዋት «ዛሬስ?» ትለዋለች። እሱም «ዛሬ ትንሽ ይሻላል» ይላታል። ምንም የተሻለው ነገር አልነበረም። ግን እሷ ለዚያ ድምፅ ያልጸለየችበት ቀን የለም፤ ምን ብሎ ተስፋዋን ይቁረጥ? አጎታችን በበኩሉ ሴራሚክ የሚሸጥበት ሱቅ ውስጥ አንድ ወንበር አዘጋጅቶለት ይጠብቃል። «ና እዚህ ተቀመጥ፤ ሴራሚክ ዘፋኝ አይፈልግም» ይለዋል፣ ማጽናናቱ ነው መቼም። ወንድሜም አንድ ቀን ልምምድ ጨርሰን ገመድ ስንጠቀልል፣ ዓመቱ ካለቀና ሙዚቃ የሚሆን መላ ካልተገኘ ጊታሩን ሸጦ እዚያ ወንበር ላይ እንደሚቀመጥ ነገረን። አልተቆጣም፣ አላዘነም። እንደዚህ ሲናገር ነው እኔ የምፈራው፤ ካለ ያደርገዋል።

የፊልሙ ዳይሬክተር የመጣው በዚህ መሀል ነው። የምንለማመደው ከአንድ የቤት ዕቃ መሥሪያ ጀርባ ባለ ክፍል ነው፤ ቫርኒሽና ኮላ ይሸታል፣ መጋዙ ሲነሳ ቆመን እንጠብቃለን። ዳይሬክተሩ ረጅም፣ ሲገባም ሲወጣም ይቅርታ የሚል ሰው ነው። የመጀመሪያ ፊልሙን እየሠራ ነበር። መንገዱ ሊዘጋ ስለሆነ አውቶቡሱን ለመጨረሻ ጊዜ ስለሚነዳ ሽማግሌ ሾፌር ነው ታሪኩ። ማጀቢያ ሙዚቃውን እናንተ ሥሩልኝ አለ። ዘፈን ሳይሆን፣ ቃል የሌለው፣ ከሥዕሉ ሥር የሚሄድ ሙዚቃ።

ወንድሜ «ዘፈን የለውም?» ብሎ ጠየቀው። የለውም አለ። ጥቂት ቆይቶ ደግሞ ጠየቀው። ዳይሬክተሩ የወንድሜን ድምፅ መሻከር የጉንፋን ነገር አድርጎ ወስዶት ስለነበር በትኩስ ነገር ቶሎ እንደሚለቀው መከረው። ከእኛም ያረመው የለም። ሰውየው እንደወጣ ወንድሜ ተነስቶ ጊታሩን መቃኘት ጀመረ፤ ተቃኝቶ ያለቀውን ጊታር።

«ፊልም አፍ አይጠይቅም» አለን። ከሆስፒታል ከወጣ ወዲህ ሲስቅ ያየሁት ያን ዕለት ነው። እኔም እውነቴን ነው፣ አመንኩ። ዘፋኝ የሌለው ባንድ እንሆናለን፣ ወንድሜ በእጁ ይናገራል፣ የአጎቴ ወንበር አቧራ ይጠጣ ብዬ አመንኩ።

በሳምንቱ ፊልሙን ልናይ ዳይሬክተሩ ቤት ሄድን። አንዷን መኝታ ቤት መጋረጃ ደራርቦባት የመቁረጫ ክፍል አድርጓታል። አልጋው እንደቆመ ነው፤ እኔና ሽቦ አልጋው ላይ፣ ወንድሜ ወንበር ላይ ተቀመጥን። ለካ ፊልም ሠሪዎች ሥዕሉን ሲቆርጡ ባዶውን አይቆርጡትም። ለጊዜው የሰው ሙዚቃ ይለጥፉበትና፣ የራሱ ሲሠራለት ያንን ያነሱታል። ጊዜያዊ ነው የሚሉት። ይህን ማንም አልነገረንም፤ ስክሪኑ ሲበራ ነው ያየነው።

አውቶቡሱ አቧራውን እያነሳ ሲመጣ የምሰማው የራሴን ድራም ነው። መጀመሪያ ደስ አለኝ፤ ሞኝ! ሾፌሩ ድልድይ ላይ ሞተሩን ያጠፋል፣ ይወርዳል፣ የድልድዩን ብረት ይይዛል። እዚያ ላይ የወንድሜ ድምፅ ገባ። የመጀመሪያው አልበማችን ነው፣ ሦስተኛው ዘፈን። ከታመመ በኋላ ያንን አልበም በእኛ ቤት የከፈተ ሰው የለም። ወንድሜ እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ስክሪኑን ያያል። ፊቱን ማየት ስላልቻልኩ ማጅራቱን ነበር የማየው።

ፊልሙ ሲያበቃ ዳይሬክተሩ መብራቱን አብርቶ፣ ከዚህ ዘፈን ጋር ወራት መኖሩን፣ እያንዳንዱን ቁራጭ የቆረጠው በዚህ ድምፅ ትንፋሽ ልክ መሆኑን አጫወተን። ደስ እንዲለን ነው። ቃሉ ብቻ ነው ያስቸገረው፤ ከሾፌሩ ንግግር ጋር ይጋጭበታል። ስለዚህ ያው ድምፅ፣ ያው ስሜት፣ ቃሉ ወጥቶ ማንጎራጎር ብቻ እንዲሆንለት ይፈልጋል።

«ድምፁ የለም» አለ ወንድሜ።

ዳይሬክተሩ ጉንፋኑ እስኪለቅህ እንጠብቃለን ሊል አፉን ከፈተና የሦስታችንንም ፊት አየ። ሽቦ ነው የነገረው፣ ባጭሩ። ሰውየው ይቅርታ ሲል፣ እንደገና ይቅርታ ሲል፣ ወንድሜን ሻይ እናፍላልህ ሲል፣ እኔ ተነስቼ መጋረጃውን ገለጥኩት።

በመንገድ ላይ ወንድሜ ተስፋ አልቆረጠም። ዜማውን በጊታር አስለቅሰዋለሁ አለ። በማግስቱ አንዲት የመድኃኒት ጠርሙስ ጣቱ ላይ አጥልቆ በክሩ ላይ ያንሸራትታት ጀመር። ድምፅ ከሰው ጉሮሮ ብቻ ይወጣል ያለው ማን ነው? ያ ጊታር ይጠራል፣ ያባብላል፣ ይቆጣል። መጋዙን ያቆሙት የጎረቤት አናጢዎች እንኳ በር ላይ መጥተው ቆሙ። በሕይወቴ ከሠራነው ሁሉ የሚበልጠው ያ ነበር፤ ዛሬም እላለሁ። ሽቦ ዓይኑን እየጠረገ የገመድ አቧራ ነው አለን።

እንደ ልማዳችን በአንድ ክፍል፣ በአንድ ጊዜ ቀዳነውና ወሰድንለት። ዳይሬክተሩ ዓይኑን ጨፍኖ ሰማው። ግሩም ነው አለ። ግሩም ነው ካለ በኋላ «ግን» መጣ። ድልድዩ ላይ ሲደርስ የሆነ ነገር ጎደለበት። ለማወዳደር ያህል ብሎ የድሮውን መልሶ ከፈተው። በነጋታው ሌላ ይዘንለት ሄድን፤ አሁንም ለማወዳደር ያህል። ሰው ሚስቱ ሞታበት ሌላ አግብቶ የሟቿን ፎቶ ራስጌው ላይ ቢሰቅል እንደዚህ ነው። አዲሷ ምን ብታደርግ ምን ዋጋ አላት? ደግሞ የኛ ጉድ የሚብሰው፣ ሟቿም እኛው፣ አዲሷም እኛው መሆናችን ነው።

ከዚያ ዳይሬክተሩ ሌላ መላ አመጣ። ከድሮው ቅጂ የወንድሜን ድምፅ ለብቻው ነጥላችሁ ስጡኝ፤ ቃል የሌለባቸውን፣ ሲያንጎራጉር ያለበትን ቦታ ቆራርጬ እቀጥለዋለሁ አለ። ሌላ ባንድ ቢሆን እሺ ብሎ በዚያው ቀን ያመጣለታል። ዘፋኙን ለብቻ፣ ድራሙን ለብቻ፣ ሁሉን በየክፍሉ ነው የሚቀዱት። እኛ ግን ጉረኞች ነን። አንድ ክፍል ውስጥ ክብ ሠርተን፣ ዓይን ለዓይን እየተያየን ካልተጫወትን ውሸት ነው የምንል ሰዎች ነን። የወንድሜ ድምፅ በኔ ድራም ማይክ ውስጥ አለ፤ የኔ ድራም በእሱ ማይክ ውስጥ አለ። ሽቦ ያኔ ኧረ ቢያንስ ድምፁን ለብቻ እናስቀር ብሎ ለምኖ ነበር። እኔና ወንድሜ ነን የሳቅንበት። ከፈለግህ ሄደህ ከሆቴል ባንድ ጋር ተጫወት ብዬዋለሁ።

ሽቦ አሁን አላሳበበብንም። «ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» ብሎ ብቻ ኮምፒውተሩ ላይ ተቀመጠ። ሳምንት ሙሉ ድምፁን ከድራሙ ሊለያይ ታገለ። ያወጣው ነገር ውሃ ውስጥ ሆኖ የሚጣራ ሰው ይመስላል። አንዴ ከፍቶልን ወዲያው ዘጋው፤ ወንድሜ ድገመው አላለም።

እና ወንድሜ እኔ ራሴ ልሞክር አለ። አትሞክር አልኩት። ተጣላን፤ ተሳደብን፤ ያው ሞከረ። ዳይሬክተሩ ባለበት ማይክ ፊት ቆሞ ያንን ዜማ ጀመረው። ዝቅ ያለው ቦታ ላይ አየር ብቻ ወጣ። ከፍ ያለው ቦታ ላይ ሁለት ድምፅ ሆኖ ተሰነጠቀ። ሳያቋርጥ እስከ መጨረሻው ሄደ። ዳይሬክተሩ አጨበጨበ። እግዜር ይይለትና በደግነት ነው ያጨበጨበው፤ ያን ቀን በጥፊ ብመታው ነበር ደስታዬ።

ከዚያ በኋላ ነው ፎቶኮፒ የመጣው። ስሙን ያወጣሁለት እኔ ነኝ። አንድ ሆቴል ውስጥ እራት ለሚበላ ሰው የሚዘፍን ወጣት ነው፤ የፈለግከውን ዘፋኝ ጥራለት፣ ያንኑ ሆኖ ይዘፍንልሃል። የራሱ የሚባል ድምፅ እንኳ ያለው አይመስለኝም። ዳይሬክተሩ እያፈረ እያፈረ፣ ባትወዱት እተወዋለሁ እያለ አመጣው። ፎቶኮፒ ገብቶ ወንድሜን ጎንበስ ብሎ ሰላም አለውና አልበማችንን ከልጅነቱ ጀምሮ እንደሚያውቀው ነገረው። ክፉ ሰው ቢሆን ይቀለኝ ነበር። ጥሩ ሰው ነው።

ዘፈነ። መሰለ፣ ግን አልሆነም። ሁሉ ነገሩ በካውያ የተተኮሰ ሸሚዝ ነው። ዳይሬክተሩ አንገቱን ነቀነቀ፤ ቅርብ ነው ግን እሱ አይደለም አለ። እኔ ተመስገን ብዬ ዱላዬን ሰበሰብኩ። በቃ፣ አበቃ፣ እንሂድ አልኩ።

ወንድሜ ግን ወንበሩን ስቦ ፎቶኮፒ ፊት ተቀመጠ። ከፍ ካለው ድምፅ በፊት የት ጋ አየር እንደሚወስድ ጠየቀው። ፎቶኮፒ አሳየው። ወንድሜ አይደለም አለው፤ ዘግይቶ ነው አየር የሚወሰደው፣ እስኪጨንቅህ ድረስ ጠብቅ አለው። ስለዚህ ከፍ ወደሚለው ስትሄድ ትሰናከላለህ አለው።

«ስህተት አይሆንም ጋሼ?» አለ ፎቶኮፒ።

«ስህተት ነው። የኔ ስህተት ነው። እሱ ከሌለ እኔ አይደለሁም።»

እንግዲህ ሰው ድምፁን ሲያስተምር አይታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ አይቻለሁ፤ ለጠላቴም አልመኝም። በየቀኑ ከሰዓት በኋላ ፎቶኮፒ ይመጣል፣ ፊት ለፊት ይቀመጣሉ። ወንድሜ በዚያ በተበላሸ ጉሮሮው ያሳየዋል፣ ፎቶኮፒ በደህናው ይመልስለታል። ሆዱን የት ጋ እንደሚይዝ፣ መንጋጋውን እንዴት እንደሚለቅ፣ ሲደክመው ድምፁ ወደ አፍንጫው እንደሚሄድ፣ ያንንም ሳይቀር አስተማረው። እኔ ስለወንድሜ ድምፅ የማላውቀውን ሁሉ እዚያ ሰማሁ። አንዳንዱን እናታችን ስታባብለው ከያዘው ዜማ እንደወሰደው፣ አንዳንዱን ደግሞ ከሰው ሰርቆ እንዳገኘው። እየዋለ እያደረ ፎቶኮፒ እሱን ሆነ። አንድ ቀን ከውጭ ስገባ የወንድሜን ድምፅ ሰማሁ። ዳነ ብዬ በሩን በርግጄ ገባሁ። ወንድሜ ዝም ብሎ ተቀምጧል፤ የሚዘፍነው ያኛው ነው።

ያን ቀን ወንድሜን ወደ ግቢ አወጣሁትና አለቀስኩ፤ በቁጣ ነው የማለቅሰው እኔ። ይቅርብን፣ ፊልሙም ገደል ይግባ፣ ሴራሚክም ይሸጥ፣ ራስህን እየቆረስክ ለሰው አታጉርስ አልኩት። እስክጨርስ ጠበቀኝ።

«አንድ ጊዜ እንደገና ልስማው» አለኝ። «ከድሮ ካሴት አይደለም። አሁን ሲወጣ፣ ክፍል ውስጥ። አንቺ ካልመታሽ ደግሞ ልክ አይመጣም።»

ምን ይባላል ለዚህ? መታሁ።

የቀዳነው በሰው ስቱዲዮ ነው፣ ያውም በየክፍላችን ተዘግተን። ከእንግዲህ የሚነጠል ነገር እንዲኖር ዳይሬክተሩ አጥብቆ ለመነን፤ እኛም የምንኮራበት አፍ አልነበረንም። ጆሮዬ ላይ ቲክ ቲክ የሚል ነገር ተደርጎልኝ፣ የማንንም ዓይን ሳላይ፣ ግድግዳ እያየሁ መታሁ። ወንድሜ ከመስታወቱ ኋላ ከባለሙያው ጎን ቆሞ ፎቶኮፒን በእጁ ይመራዋል፤ እዚህ ጠብቅ፣ አሁን ልቀቅ። የመጨረሻውን ሲጨርሱ ዳይሬክተሩ «ይሄ ነው!» ብሎ ተነሳ። ለማወዳደር ያህል የድሮውን አልከፈተም። ወንድሜም መስታወቱ ላይ ግንባሩን አስደግፎ ቆየ። ምን እንደተሰማው አልጠየቅኩትም፤ ስለፈራሁ ነው ያልጠየቅኩት።

ፊልሙ ሲመረቅ እናታችንን ይዘናት ሄድን። ስለ ፎቶኮፒ ማንም አልነገራትም። ይነገራታል እያልን፣ አንዱ ለአንዱ እየተወው፣ ሳይነገራት ቀረ። መሀላችን አስቀመጥናት። ሾፌሩ ሞተሩን አጠፋ፣ ወረደ፣ ብረቱን ያዘ፣ ድምፁም ገባ። እናቴ ክንዴን ጨምድዳ ያዘችኝ። ከዚያ በኋላ ያለውን ፊልም ያየችው አይመስለኝም፤ አንገቷን ደፍታ ከንፈሯ ይንቀሳቀስ ነበር። በመጨረሻ የሠራተኞቹ ስም ሲወጣ የፎቶኮፒም ስም ከ«ድምፅ» ጎን ወጣ። የእናቴ ዓይን ደክሟል፤ ያን የመሰለ ደቃቅ ፊደል አታነብም።

ኮሪደሩ ላይ ሰው ተሰብስቦ እንኳን ደስ ያላችሁ ይባባላል። እናቴ ሰውን በክርኗ እየገፋች ሄዳ የወንድሜን ፊት በሁለት እጇ ያዘችው። ፎቶኮፒ ከጎኑ ብርጭቆ ይዞ ቆሟል።

«ተመለሰልህ አይደል?» አለችው። «ሳትነግረኝ! የልጄን ድምፅ የማላውቅ መሰለህ?»

ፎቶኮፒ መሬት መሬት ማየት ጀመረ። ዳይሬክተሩ ይቅርታ ሊል መሰለኝ አፉን አሞጠሞጠ። እኔ እማዬ ብዬ ጀመርኩ፤ ወንድሜ አየኝ። አርባ ዓመት ከእሱ ጋር የኖርኩ ሰው ያ አስተያየት ምን እንደሆነ አውቃለሁ።

«አዎ እማዬ» አላት። ያው የዛገው ድምፅ ነው የወጣው።

ሲያወራ ለምን እንደሚሻክር ጠየቀችው። ወንድሜ አላሰበም፣ አልተንተባተበም፤ ሐኪሙ ድምፅህን በወሬ አትጨርሰው፣ ለዘፈን ቆጥበህ አስቀምጠው ብሎኛል አላት። እሷም ደግ አደረገ፣ ድሮም ወሬ ትወዳለህ አለችና እዚያው ሰው መሀል ፈጣሪዋን እያመሰገነች ታለቅስ ጀመር። የማታውቀው ሰው ሁሉ እየመጣ አቀፋት። ፎቶኮፒንም እሷ ራሷ አቀፈችው። ልጄ የዘፈነውን ሰማህ አይደል አለችው። ሰምቻለሁ እማማ አላት፤ እጅግ ነው ያማረው አላት።

ከዚያ ቀን ወዲህ ወንድሜ ቤት ውስጥ አይናገርም። ሊናገር ሲል እናታችን ጣቷን አፉ ላይ ታደርግበታለች። አትጨርሰው ትለዋለች። ገበታ ላይ ጨው ሲፈልግ በእጁ ያሳያል፣ እሷ ትሮጣለች። እኔን አንቺ ነሽ በወሬ የምታስለፈልፊው ብላ ትቆጣኛለች። ጠዋት ዛሬስ ብላ መጠየቋን ትታለች፤ ምን ትጠይቅ? አግኝታዋለች። አሁን የምትጠይቀው ቀጣዩ ፊልም መቼ እንደሚወጣ ነው።

ቀጣዩም መጣ። ሌላ ዳይሬክተር ፊልሙን አይቶ ደወለ፤ የዚያን ድምፅ ባለቤትና ባንዱን እፈልጋለሁ አለ። ስልኩን ያነሳሁት እኔ ነኝ። የድምፁ ባለቤት ታሟል ብዬ ልዘጋበት ስል ወንድሜ እጄን ያዘ። ሴራሚኩ ጋ ሂድ፣ እባክህ ሂድ አልኩት፤ እኔ፣ ያን ወንበር እንደዚያ እጠላው የነበርኩት ሴትዮ። ወንድሜ ራሱን ነቀነቀ።

«እማዬ ስትጠይቀኝ ምን ልበላት?» አለኝ። «ጠፋብኝ ልበላት? እንደገና?»

ሥራውን ያዝነው። ሽቦ ማጉያዎቹን ጠጋገነ። ሰኞ ከሰዓት በኋላ ፎቶኮፒ መጣ፤ ሁለቱ እንደ ልማዳቸው ፊት ለፊት ተቀመጡ። ዜማው አዲስ ነው። ወንድሜ እኔ ብሆን እንደዚህ ነው የምዘፍነው ብሎ አንዷን መስመር በዛገው ድምፁ አሳየው፤ መጨረሻዋን ወደ ታች ጣላት። ፎቶኮፒ ጣቶቹን ያፍተለትል ጀመር።

«ይቅርታ ያድርጉልኝና ጋሼ፣ እርስዎ መጨረሻውን እንደዚያ አይጥሉትም ነበር» አለው። «ያቆዩታል። ከዚያ ራሱ እስኪወርድ ይተዉታል።»

ወንድሜ ግራ ገባው። ሊያስታውስ ከንፈሩን አንቀሳቀሰ፤ አልመጣለትም። ወደ እኔ ዞሮ «እንደዚያ ነበር እንዴ?» አለኝ።

ፎቶኮፒ ልክ ነበር። አዎ አልኩት።

«እንግዲያው እሱ እንዳለው ይሁን» አለና ጊታሩን አስቀምጦ ሊሰማው ተደገፈ።